እትዬ ጌታነሽ ክፍል ውስጥ የነበረው ሰው

አክስቴ ጌታነሽ ከአዲስ አበባ መጥታ እኛ ዘንድ በከረመችበት ዓመት፣ በጓሮው ክፍል ሰው ደብቃ እንደምታኖር ከቤተሰቡ መካከል የማውቀው እኔ ብቻ ነበርሁ። ዘመኑ ሰማንያ ሰባት ነው፤ ስምንት ዓመቴ ነበር። ሰውየውን በዓይኔ አላየሁትም። ድምፁን ግን ከማንም ድምፅ ለይቼ አውቀዋለሁ፤ ስሙንም አውቃለሁ። አንዷለም ይባላል።

ቤታችን መሐል ሜዳ ከተማ፣ ከገበያው ራቅ ብሎ፣ ነፋስ በተነሣ ቁጥር መጀመሪያ የሚመታው ሰፈር ነው። አባቴ አባይነህ ልብስ ሰፊ ነበር፤ የስፌት መኪናውን በገበያው መንገድ ባለ በረንዳ ላይ ዘርግቶ ይውላል። እናቴ ማንጠግቦሽ የበግ ጠጉር ትፈትላለች። አያቴ እማማ ዓለሚቱ፣ የአባቴና የአክስቴ እናት፣ ዓይናቸው ከፈዘዘ ወዲህ ከቤት አይርቁም። ረፋድ ላይ ብርዱ ሰበር ሲል የበግ ጠጉር ባናቸውን ተከናንበው ፀሐይ የሚመታው ግድግዳ ሥር ይቀመጣሉ፤ ማን እንደገባ፣ ማን እንደወጣ በኮቴው ይለያሉ።

እትዬ ጌታነሽ የመጣችው ለጥምቀት ነው። በዓሉን ውላ የምትመለስ መስሎን ነበር። እሷ ግን አንድ ሻንጣና አንድ ጥቅል ወረቀት ይዛ፣ ጠጉርና ገብስ የምናስቀምጥባት የጓሮ ክፍል ገብታ ቀረች። አባቴ ጠረጴዛና ወንበር አስገባላት። «ለቴሌቪዥን ድራማ ትጽፋለች» ይላሉ። እኔ ቴሌቪዥን አይቼ አላውቅም፤ ድራማ ሲሉ ከደብዳቤ የሚረዝም ነገር መሆኑን ብቻ ነበር የማውቀው።

ምሳዋን እናቴ በእኔ እጅ ትልክላት ነበር። አንድ ቀን በሶ በሳህን ይዤ በሩ ዘንድ ስደርስ፣ ውስጥ ሰው ሲናገር ሰማሁ።

«ጫማህን አታውልቅ» አለ የወንድ ድምፅ። ወፍራም ነው፣ ዝግ ያለ፣ ቃሉን ሲጨርስ ትንሽ ይሰበራል። «እግርህ ካበጠ በኋላ መልሰህ አታጠልቀውም።»

«አንተ አውልቀህ የለም ወይ፣ አንዷለም?» አለ ሌላ፣ ቀጠን ያለ ድምፅ።

«እኔማ ከእንግዲህ ብዙ አልሄድም።»

በሩን አንኳኳሁ። ጸጥ አለ። እትዬ ጌታነሽ ገርበብ አድርጋ ከፈተች፤ ዓይኗ ቀልቷል፤ እርሳሷን ጠጉሯ ውስጥ ሰክታዋለች።

«እትዬ፣ ሰውየው ማነው?» አልኋት።

ሳቀች። «ሰማሽው? አንዷለም ነው።» ከዚያ ጎንበስ አለችና፣ «ለማንም እንዳትናገሪ፣ እሺ? ገና ነው። አልደረሰም» አለችኝ።

«ይርበዋል?»

ከእግር እስከ ራሴ አየችኝ። «በጣም» አለችኝ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ የእኔን ድርሻ እየቀነስሁ ሳህኑ ላይ እጨምርለት ጀመር። ሳህኑ ባዶውን ይመለሳል። ለእኔ ከዚህ የበለጠ ማስረጃ አልነበረም። ከብዙ ዓመት በኋላ ይህን ስነግራት፣ «ሰው ሁሉ በጾም ሲከሳ እኔ የወፈርሁት በአንቺ ነዋ» አለችኝ። የምጫወት መስሏት ነበር፤ ጨዋታዬን ላለማፍረስ ነበር «በጣም» ያለችው።

ኋላ ያወቅሁትን እዚህ ላይ ልናገር። አክስቴ በአዲስ አበባ ሥራ የጀመረችው በታይፒስትነት ነው። ሌሎች የጻፉትን የሬዲዮ ድራማ ስትገለብጥ፣ የአንዲት ባልቴት ንግግር አላምር ብሏት ሳትጠየቅ ለወጠችው። ደራሲው ተቆጥቶ መጣ፤ ቆሞ ሁለት ጊዜ አነበበውና፣ «በይ ሌላውንም ለውጪው» አላት። አምስት ዓመት ሙሉ በሌላ ሰው ስም በሚወጣ ድራማ ውስጥ ሴቶቹ የሚናገሩት የእሷን ቃል ነበር። በስሟ የመጀመሪያው የቴሌቪዥን ድራማ ሲታይ ሠላሳ ዓመቷ ነው። እኛ ዘንድ በመጣችበት ዓመት ሰባት ጽፋለች፤ ከዚያ ግን ሁለት ዓመት አንድ መስመር እንኳ አልወጣት ብሎ ነበር። የጻፈችውን ሁሉ በየሰዉ ድምፅ እያነበበች መሞከር ልማዷ ነው። «ከአፍ የማይወጣ ቃል ከእርሳስም አይውጣ» ትላለች።

ይህን ያን ጊዜ ማን ይንገረኝ። የምሰማው ከበሩ ሥር የሚያልፈውን ብቻ ነው።

አንድ ቀን ደግሞ አባቴ ከሥራው በምሳ ሰዓት መጥቶ ከጓሮው ክፍል ገባ። ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ሲጨቃጨቁ ከገብሱ ጎታ ጀርባ ሆኜ አዳመጥሁ።

«እስከ መቼ ነው የምንደብቃት?» አለ አባቴ።

«እስክጨርስ።»

«እንዲህ ያለ ነገር በሽማግሌ ነው እንጂ በወረቀት አይነገርም፣ ጌታነሽ።»

«አውቃለሁ። ግን ስጽፈው ነው መናገር የምችለው። ሌላ መንገድ አጣሁ።»

ሽማግሌ የሚላከው ልጅ ለማጨት እንደሆነ አውቃለሁ። ስለዚህ ነገሩ ገባኝ፤ አክስቴ ያን ሰው ልታገባ ነው፤ አባቴ ደግሞ ሰውየው በወጉ ሽማግሌ ይላክ ይላል። ደስ አለኝ። የሠርጓ ዕለት ምን እንደምለብስ ሳስብ ሰነበትሁ።

ሽማግሌ ለሌላ ነገርም እንደሚላክ አላወቅሁም። መርዶ የሚያረዱትም ሽማግሌዎች ናቸው።

ያላወቅሁት ሌላም ነበር። አባቴና አክስቴ ታናሽ ወንድም ነበራቸው። እኔ ስወለድ አካባቢ ለብሔራዊ ውትድርና ተወስዶ፣ ጦሩ ሲበተን ሰው ሁሉ በእግሩ ሲመለስ እሱ አልተመለሰም። በአያቴ ፊት ስሙን መጥራት ክልክል ነበር፤ ማንሣት የግድ ከሆነ «ትንሹ» ይሉታል። እኔም ትንሹ የሚባል አጎት እንዳለኝ፣ ሩቅ አገር እንዳለ አውቃለሁ። ስሙ አንዷለም መሆኑን ግን የነገረኝ የለም።

መጋቢት ገብቷል። የገበያ ቀን ስለነበር እናቴ ወርዳለች፤ ግቢው ውስጥ ያለነው አያቴ፣ አክስቴና እኔ ብቻ ነን። ሳህኑን ይዤ በሩ ዘንድ ደረስሁ።

«ከዚህ ወዲያ አልችልም» ይላል ሰውየው። «እናንተ ሂዱ። ውሃውንም ውሰዱት።»

«አንተን ጥለን?» አለው ቀጭኑ ድምፅ።

«ፀሐይዋ ሳትጠልቅ እሞታለሁ። ቁጭ ብላችሁ ብትጠብቁኝ ምን ታተርፋላችሁ?»

ሳህኑን መሬት አስቀምጬ ወደ አባቴ በረንዳ ለመሮጥ ተነሣሁ። በአያቴ ፊት ሳልፍ ግን ቀሚሴን ያዝ አደረጉኝ።

«ማነው እንዲህ የሚበርረው? የምሥራች ነሽ?» አሉኝ በስሜ።

ምስጢሩን ለሁለት ወር ጠብቄዋለሁ። ሰው ሊሞት ሲል ግን እንዴት ይጠበቃል?

«እማማ፣ አንዷለም ሊሞት ነው» አልኋቸው።

ቀሚሴን ለቀው ክንዴን ያዙ። አልጮኹም። «ማን አልሽኝ?» አሉ።

«አንዷለም። እትዬ ክፍል ውስጥ ያለው ሰውዬ።»

ባናውን ከራሳቸው ላይ ገፍፈው ወደኔ ዞሩ፤ የፈዘዘው ዓይናቸው ፊቴን ሳይሆን ከጭንቅላቴ በላይ ያያል። «ከመቼ ወዲህ ነው ያለው?»

«ከጥምቀት።»

«ይበላል?»

«በሶ ይበላል። የኔንም እሰጠዋለሁ።»

«ያስለዋል?»

«አያስለውም። እግሩን ነው የሚያመው።»

«ለሌላ ሰው ተናግረሻል?»

«አልተናገርሁም።»

«ጎሽ የኔ ልጅ» አሉኝ። «ውሃ አምጪልኝ። ያንን ንጹሕ ነጠላዬንም።»

አሁን እንደማስበው አያቴን ያልኋቸው ነገር የማይታመን አልነበረም። በዚያ ዘመን የድሮው ሠራዊት ልጆች በዘመድ ቤት ተሸሽገው ከርመው ብቅ ማለታቸው ይወራ ነበር። እሳቸውም አራት ዓመት ሲጠብቁ የኖሩት ይህንን ነው። ፊታቸውን ታጠቡ፤ ነጠላቸውን አጣፉ፤ ትከሻዬን ይዘው ግቢውን ተሻገሩ። መንገዱ ሃያ እርምጃ አይሞላም፤ ሁለት ጊዜ ቆመው ተነፈሱ።

ውስጥ ሰውየው አሁንም እየተናገረ ነው። አያቴ መዳፋቸውን በሩ ላይ አሳረፉ እንጂ አላንኳኩም። አዳመጡ።

«አንዱ» አሉ ቀስ ብለው። «ዓለሚቱ ነኝ። ክፈት።»

ድምፁ ከመሐል ተቆረጠ። ከዚያ በሩ ተከፈተ፤ እትዬ ጌታነሽ ቆማለች፤ ፊቷ አመድ መስሏል።

በክንዷ ሥር ሾልኬ ገባሁ። አልጋው ሥር አየሁ፤ ከበሩ ኋላ አየሁ። ወንበሯ፣ ጠረጴዛዋ፣ ወረቀቷ፤ ሌላ ምንም የለም። ትንሿ መስኮት ግን ገርበብ ብላለች። አመለጠ ብዬ አሰብሁ። እኔ ስለተናገርሁ በቆሰለ እግሩ ዘሎ አመለጠ።

አያቴ እጃቸውን ዘርግተው ገቡ። አልጋውን ዳሰሱ፤ የወንበሩን መደገፊያ ዳሰሱ፤ ግድግዳውን ይዘው እስከ ማዕዘኑ ሄዱ። አክስቴ ልትይዛቸው ብላ ተወች።

«ወዴት አለ?» አሉ።

«የለም፣ እማዬ።»

«ድምፁን ሰማሁት።»

«እኔ ነኝ። እሱን ሆኜ የምናገረው እኔ ነኝ።» አክስቴ ተንበርክካ እግራቸውን አቀፈች። «ከተመለሱት ጓደኞቹ አንዱ አዲስ አበባ መጥቶ ነግሮኛል። አራት ዓመት ሆነው። አባይነህም ያውቃል። መንገር አቃተን።»

አያቴ አልጋው ላይ ተቀመጡ። እንደሚጮኹ ጠብቄ ጆሮዬን ይዤ ነበር። አልጮኹም። ከጣሪያው ቆርቆሮ ላይ ቁራ ሲራመድ ይሰማል።

«ወረቀቱ ላይ ያለው ምንድነው?» አሉ በመጨረሻ።

«እሱ ነው። እንዴት እንደሞተ ነው።»

«አንብቢልኝ።»

አክስቴ ተነሥታ ወረቀቱን አነሣች፤ በራሷ ድምፅ ማንበብ ጀመረች። አያቴ እጃቸውን አነሡ። «እንዲህ አይደለም» አሉ። «ቅድም ባነበብሽበት ድምፅ።»

እና በዚያ ወፍራም፣ ዝግ ባለ ድምፅ አነበበችላቸው። ከአክስቴ አፍ ሲወጣ ዓይኔ እያየ እንኳ የእሷ ነው ብዬ ልቤ አልተቀበለውም። ከጦር ግንባር በእግራቸው የሚመለሱ ሦስት ልጆች ናቸው። አንዱ ቆስሏል። ግራር ሥር ቁጭ ይልና ሂዱ ይላቸዋል። አንደኛው ይሄዳል፤ ያ ቀጭን ድምፅ ያለው ግን አልሄድም ብሎ ከጎኑ ይቀመጣል፤ ራሱን ጭኑ ላይ ያስደግፈዋል።

«‹አገር ከገባህ እናቴን ንገርልኝ› ይለዋል» ብላ አክስቴ አነበበች።

አያቴ አቋረጧት። «እንዲህ አይልም።»

«ምን ይላል?»

«‹እናቴ› ብሎኝ አያውቅም። አባታችሁ ሲጠሩኝ እየሰማ እሱም በስሜ ነበር የሚጠራኝ፣ ‹ዓለሚቱ› እያለ። ብቆጣውም አልተወ። አንቺ ያን ጊዜ ከቤት ወጥተሻል፤ አታውቂም።»

አክስቴ እርሳሷን ከጠጉሯ ነቅላ ሰረዘች፤ ጻፈች።

«ቀጥዪ» አሉ አያቴ።

ተነብቦ ሲያልቅ፣ «ብቻውን አልነበረም፣ አይደል?» አሉ።

«አልነበረም፣ እማዬ።»

«በይ አሁን ሰው ጥሪ።»

የዚያን ዕለት ከሰዓት በኋላ ግቢያችን ሞላ። የተማሪ ቤት ኮቱ ተዘርግቶ ተለቀሰለት። የንስሐ አባታችን መምሬ ገብረየሱስ አባቴን፣ «መርዶ እንዲህ ነው የሚረዳው?» ብለው ሲቆጡት ሰማሁ፤ አባቴ አንገቱን ደፋ። እኔን ያየኝ ሰው የለም። ከጓሮው ክፍል ኋላ፣ ከመስኮቷ ሥር ቆሜ፣ ጭቃው ላይ የእግር ዱካ እፈልግ ነበር። ባልናገር ኖሮ አይሞትም ነበር። ይህን ለዓመታት ለማንም አልነገርሁም፤ ማሰቡንም አላቆምሁም።

ድራማው በሰማንያ ዘጠኝ በአንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ ታየ። መሐል ሜዳ ቴሌቪዥን ያለው ሆቴል ሞልቶ፣ ሕዝቡ እስከ መንገዱ ድረስ ቆሞ ነበር የሚያዳምጠው። አባቴ እማማን ልውሰድዎ ቢላቸው፣ «እኔ ሰምቼዋለሁ፤ ያልሰማ ይስማ» አሉት።

ለፋሲካ እትዬ ጌታነሽ ስትመጣ፣ ሴቶች ወደ ቤታችን መምጣት ጀመሩ። ከዘመሮ፣ ከሞላሌ፣ ስሙን ከማላውቀው ቀበሌ፤ ባና የለበሱ፣ በትር የያዙ ባልቴቶች። አንድ በአንድ ወደ ጓሮው ክፍል ይገባሉ፤ ይቆያሉ፤ ዓይናቸው አብጦ ይወጣሉ። አክስቴ ትልቅ ሰው ሆናለችና፣ ልጆቻቸውን አዲስ አበባ ሥራ እንድታስገባላቸው የሚለምኑ መስሎኝ ነበር። ለጓደኞቼም እንዲያ ብዬ አወራሁ።

አድጌ ዩኒቨርሲቲ ስገባ አዲስ አበባ ከእሷ ጋር ኖርሁ። በሃያ ዓመቴ፣ ልብስ እያጣጠፍን ሳለን፣ ስለ መስኮቷና ስለ እግር ዱካው ነገርኋት። እጄን ያዘችና ወንበር ላይ አስቀመጠችኝ።

«አንቺ የገደልሽው የለም» አለችኝ። «እኔም እንዴት እንደሞተ አላውቅም።»

አልገባኝም።

«ጓደኛው የነገረኝ አንድ ነገር ነው፤ ‹ከተከዜ ማዶ ተለያየን፣ ከዚያ ወዲያ ያየው የለም› አለኝ። ግራሩን የተከልሁት እኔ ነኝ። ውሃውም፣ ከጎኑ የተቀመጠውም ልጅ የኔ ፈጠራ ነው።»

«እማማ ያውቁ ነበር?»

«ጠይቃኝ አታውቅም። ከማረፏ በፊት በነበረው ክረምት ግን አንድ ቀን፣ ‹ያን ከጎኑ የተቀመጠውን ልጅ ስም አላወጣሽለትም› አለችኝ። ‹ላውጣለት?› አልኋት። ‹ተዪው፣ የሚፈልገው እናት ብዙ ነው› አለችኝ።»

ከአንዷለም ድራማ ወዲህ አክስቴ አሥራ አንድ ድራማ ጽፋለች፤ አንዱ ፊልምም ሆኗል። በአንዱም ውስጥ ሰው ሲሞት አይታይም። ጋዜጠኞች ምክንያቱን ሲጠይቋት፣ «ሞት መጻፍ ከባድ ነው» ትልና ወደ ሌላ ጨዋታ ታልፋለች።

በሁለት ሺህ ስምንት ጥር ወር ዐረፈች። አባቴ ካገሯ ውጪ አትቀበርም ስላለ መሐል ሜዳ አመጣናት። ከመሥሪያ ቤቷ የመጣ አንድ ጎልማሳ የሕይወት ታሪኳን አነበበ፤ የተወለደችበትን ዘመን፣ የታይፒስትነት ጊዜዋን፣ አሥራ ዘጠኙን ድራማዎች በየስማቸውና በየዓመታቸው። አንድም አልዘለለም፤ ዝርዝሩን ያዘጋጀሁለት እኔ ነኝ።

ድንኳኑ ውስጥ ስንቀመጥ ከጎኔ አንዲት ባልቴት ነበሩ። ፊታቸው አዲስ አልሆነብኝም፤ ከየት እንደማውቃቸው ግን አላስታወስሁም።

«ያ ሰውዬ ያነበበው ሁሉንም ነው እንዴ?» አሉኝ።

«አዎ እማማ፣ የጻፈችውን ሁሉ።»

«የብሩን አልጠራውም።»

«እንዲህ የሚባል ድራማ የላትም» አልኋቸው።

አየለች ይባላሉ፤ የሞላሌ ሰው ናቸው። ድንኳኑ ውስጥ ሰው እየገባ እየወጣ፣ እሳቸው ዝቅ ባለ ድምፅ ነገሩኝ።

«ልጄ ብሩ ከአጎትሽ ጋር በአንድ ዙር ነው የተወሰደው። ድራማው ታየ ሲሉኝ አክስትሽ ዘንድ መጣሁ። ‹ያ ከጎኑ የተቀመጠው ልጄ ነው ወይ?› አልኋት። አለቀሰች። ‹ፈጥሬው ነው እንጂ ማንም የለም፣ ይቅር ይበሉኝ› አለችኝ። ‹መፍጠርሽንማ ጠርጥሬያለሁ› አልኋት። ‹ለወንድምሽ ከፈጠርሽለት፣ ለኔስ ልጅ አትፈጥሪለትም?›»

«ምን አለችዎት?»

«እዚያው ጓሮ አስቀምጣ ሁለት ቀን ጠየቀችኝ። ሲስቅ እንዴት እንደሚስቅ፣ ሲቆጣ ምን እንደሚል፣ እኔን ምን ብሎ እንደሚጠራኝ። በሦስተኛው ቀን ጽፋ አነበበችልኝ። ድምፁን ሰምታው አታውቅም፤ ግን የብሩ ድምፅ ነበር። ወንዝ ዳር ነው ያደረገችው፤ ውሃ ይወድ ነበርና። ተነሥቼ አገሬ ገባሁና ሰው ጠርቼ አለቀስሁ። ስድስት ዓመት ለቅሶው አልወጣልኝም ነበር።» ወደ አግዳሚው ወንበር ዳርቻ በአገጫቸው አመለከቱኝ፤ ባና የለበሱ ሴቶች ተደርድረው ተቀምጠዋል። «እንዲህ ያስጻፍን ዘጠኝ ነበርን። ሁለቱ ሞተዋል።»

የአክስቴን ጽሑፍ ሁሉ ሰብስቤ የማስቀምጠው እኔ ነኝ። እንዲህ ያለ ወረቀት ግን በእጄ ገብቶ አያውቅም። «እማማ፣ የብሩ ወረቀት አለ?» አልኋቸው። «ባየው ደስ ይለኝ ነበር።»

«የለም» አሉኝ። «አስከሬን የለኝ። ወረቀቱን በትንሽ ሣጥን አድርጌ ከአባቱ ጎን ቀበርሁት። ቄሱ ‹ምንድነው?› ሲሉኝ ‹ልጄ ነው› አልኋቸው።»

«ምን አሉዎት?»

«ምንም አላሉኝም» አሉ እማማ አየለች። «ፍትሐት አደረሱለት።»